ከጋሎዌይ እስከ ሼትላንድ፦ በስኮትላንድ ነባር በጎችና ከብቶች መካከል የተደረገ ጉዞ ማስታወሻ

ለዚህ ጉዞ የመረጥኩት የኦክቶበርን ወር ነው። በዚህ ወር የስኮትላንድ ደጋና የደሴቶቹ አርቢዎች ብርዱ ሳይጠነክር መንጋቸውን ይለያሉ፤ አውራ በግ ይገዛሉ፣ ያረጀችውን እናት በግ ይሸጣሉ፣ ጊደሩንና ኮርማውን ወደ ሐራጅ ያወርዳሉ፤ ስለዚህ ከብቱንም ባለቤቱንም በአንድ ቦታ ማግኘት የሚቻልበት ወቅት ነው። ስነሣ የያዝኩት ጥያቄ እንዲህ ባለች ጠባብ አገር ውስጥ ይህን ያህል የተለያየ የበግና የከብት ዝርያ እንዴት ሊቆይ ቻለ የሚል ነበር። ብዙ ሰው መልሱን ከእንስሳው ደም ውስጥ ይፈልገዋል። እኔ ግን ያየሁትን ሁሉ ሳገናዝብ፣ ዝርያን የሚፈጥረውም የሚያቆየውም ድንበር ነው ወደሚለው አሳብ አደላለሁ፤ ድንበሩ ባሕር፣ የድንጋይ ካብ፣ የዘር መዝገብ ወይም ሕግ ሊሆን ይችላል። በዚህ ማስታወሻ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ቅዳሜ፣ ጋሎዌይ

በደቡብ ምዕራብ ጥግ የሚገኘው ጋሎዌይ ዝናቡ የማያባራ፣ መሬቱ የጨቀየ፣ ሣሩ ግን ለምለም የሆነ አገር ነው። የአገሩን ስም የያዘው ከብት ጎዳ ነው፤ ቀንድ ከቶ አያበቅልም። ቀለሙ አብዛኛውን ጊዜ ጥቁር ሲሆን ቡላና ቀይም አለው። ጠጉሩ ድርብ ነው፤ የላይኛው ረጅምና ጥምዝምዝ ሆኖ ዝናቡን ያንጠባጥባል፣ የሥረኛው ለስላሳና ጥቅጥቅ ያለ ሆኖ ሙቀቱን ይይዛል። ዝናቡ እየወረደ ሳለ ባለቤቱ ፈቅደውልኝ በአንዲት ገራም ላም ጀርባ ላይ ጣቶቼን ሰድጄ ብዳብስ፣ ውኃው ከላይኛው ጠጉር አላለፈም፤ ቆዳዋ ደረቅና ሞቃት ነበር።

መንገደኛ መኪናውን አቁሞ ፎቶግራፍ የሚያነሣው ግን ይህንን ሳይሆን ዘመዱን፣ ወገቡን በሰፊ ነጭ መቀነት የታጠቀውን ቤልትድ ጋሎዌይን ነው። ባለመቀነቱ ከብት የራሱ ማኅበር የተቋቋመለት በ1921 ነው። በ2001 የአፍተግር ወረርሽኝ አካባቢውን ክፉኛ በመታ ጊዜ፣ በሽታው እንዳይዛመት ሲባል የታመመው ብቻ ሳይሆን ጎረቤት በመሆኑ የተጠረጠረው ጤነኛ መንጋም ተገድሏል፤ በዚያን ጊዜ ብዙ ትውልድ የፈጀ የዘር ምርጫ በጥቂት ሳምንታት ጠፍቷል። የቤልትድ አርቢዎች መንጋቸውን መልሰው ለመተካት የቻሉት ከብቱ በመልኩ ተወዳጅ ስለሆነና በሌላ አካባቢም የሚያረባው ሰው ስላለ ይመስለኛል። መልክ ለእርባታ ከንቱ ነገር ነው የሚሉ ባለሙያዎች ይህንን ቢያስቡበት እወዳለሁ።

የአገሬው አርቢ ግን የበለጠ የሚያወራው ስለ ዳለቻው ዲቃላ ነው። ሾርትሆርን ከተባለው የከብት ዝርያ የሆነ ነጭ ኮርማ ከጥቁር ጋሎዌይ ላም ጋር ሲገናኝ የሚወለደው ጥጃ ዳለቻ ይሆናል፤ ጊደሯም ለደጋ ግጦሽ ጠንካራ፣ ወተቷም ለጥጃዋ የሚበቃ ስለሆነች በገበያ ትፈለጋለች። ነገር ግን ዳለቻዋን ለማግኘት በየጊዜው ንጹሕ ጋሎዌይ ላም ያስፈልጋል፤ ዲቃላው ራሱ ንጹሑ ዝርያ እንዳይጠፋ ምክንያት ሆኗል ማለት ነው።

እሑድ፣ ፎልከርክና ላርበርት

ወደ ሰሜን ስሄድ በፎልከርክ አቅራቢያ ስቴንሃውስሙር በተባለው ቦታ ቆምኩ። በአሥራ ስምንተኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻና በአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን፣ ከደጋውና ከደሴቶቹ የተነሡ ከብቶች በኦገስት፣ በሴፕቴምበርና በኦክቶበር የሚገናኙበት ታላቁ የፎልከርክ ገበያ የነበረው እዚህ ነው። ነጂዎቹ በእግራቸው፣ ከውሾቻቸው ጋር፣ ሌሊቱን ከመንጋው ጋር ሜዳ ላይ እያደሩ ይመጡ ነበር፤ ከዚህ ተገዝቶ ወደ እንግሊዝ የሚነዳው ከብት መንገዱ ሰኮናውን እንዳይጨርሰው የብረት ጫማ ይመታለት ነበር። የእንፋሎት መርከብና ባቡር ሲመጡ በእግር መንዳት ቀረ፤ ገበያው የነበረበት ሜዳ ዛሬ የጎልፍ መጫወቻ ነው።

ከዚህ ገበያ ዘመን የምወስደው አንድ ነገር አለ። ነጋዴው ያኔ ከደጋ የመጣውን ሁሉ በጅምላ «ጥቁር ከብት» ይለው ነበር፤ የትኛው የትኛው ዝርያ ነው ብሎ የሚጨነቅ ብዙ አልነበረም። ጎዳዎቹ ከብቶች፣ በኋላ አበርዲን አንገስ የተባሉት ጭምር፣ የዘር መዝገብ ያገኙት በ1862 ነው፤ ጋሎዌይ የራሱን ማኅበር ያገኘው በ1877፣ የሃይላንድ ከብት የመጀመሪያው መዝገብ የታተመው ደግሞ በ1885 ነው። ዛሬ «ጥንታዊ» የምንላቸው ዝርያዎች እንስሶቻቸው ጥንታዊ ይሁኑ እንጂ አጥራቸው ከባቡሩ ሐዲድ ጋር እኩያ ነው።

ላርበርት ከስቴንሃውስሙር የቅርብ ጎረቤት ስለሆነች በአሮጌው ቤተ ክርስቲያን ግቢ ያለውን የጀምስ ብሩስን መቃብር ሳላይ አላለፍኩም። በ1769 ምጽዋ ገብቶ ጎንደር የደረሰው ይህ ሰው የዚሁ አካባቢ ባለርስት ነበር፤ በ1794 በኪናርድ ቤቱ ደረጃ ላይ ወድቆ ሞተ። በመቃብሩ ላይ የቆመው ሐውልት ከብረት የተሠራ ነው። ጎንደርን ያየው ሰው አርጅቶ በኖረበት ቤቱ አጠገብ የደጋው መንጋ ሁሉ ያልፍ እንደነበር ማሰብ ለአንድ ኢትዮጵያዊ ደስ የሚል ነገር ነው።

ሰኞ፣ ኦባን

በምዕራብ ዳርቻ በምትገኘው የኦባን ወደብ የሃይላንድ ከብት ሐራጅ ይካሄዳል። ከብቶቹ ትናንት ለውድድር ቀርበው ስለነበር ታጥበው፣ ተበጥረው፣ በነፋስ ማድረቂያ ጠጉራቸው ተነፍቶ ይታያሉ፤ ከግንባራቸው የሚወርደው ጠጉር ዓይናቸውን ጋርዶታል፤ ቀንዳቸው ወደ ጎን ተዘርግቶ ጫፉ ወደ ላይ ያቀናል። ዋጋ የሚጠራው እንደ ጥንቱ በጊኒ ነው፤ አንድ ጊኒ አንድ ፓውንድ ከአምስት ሳንቲም ነው። ገዢዎቹ ከአገሬው ብቻ አይደሉም፤ ከሌሎች የአውሮፓ አገሮችም የመጡ አሉ።

እውነቱን ለመናገር የተበጠረ ከብት ብዙም አይነግረኝም። የሃይላንድ ከብት ዋጋው ያለው በእግሩና በሆዱ ነው፤ በረግረግና በዓለት ላይ ዓመቱን ሙሉ የሚቆም እግር፣ ሌላው ከብት አሽትቶ የሚተወውን ሻካራ ሣርና ቁጥቋጦ የሚፈጭ ሆድ። ጠጉሩ በጣም ወፍራም ስለሆነ ሌላው ከብት በቆዳው ሥር የሚያከማቸውን ያህል ስብ አያስፈልገውም፤ ሥጋው ቀላ ያለና ስቡ ያነሰ የሚሆነውም በዚህ ምክንያት ነው። ጉድለቱ ዝግታው ነው። ዘግይቶ ይደርሳል፤ ጊደሯም ከሌሎቹ ዘግይታ ነው የምትወልደው፤ ሥጋን በፍጥነት ለሚፈልግ ነጋዴ ይህ ኪሳራ ነው። በቀይ ቀለም ብቻ የሚያውቀው ሰው ብዙ ቢሆንም ጥቁሩ፣ ቡላው፣ ቢጫውና ነጩም በሐራጁ ነበሩ። ቀድሞ በደሴቶቹ የነበሩት ባብዛኛው ትንንሽና ጥቁር ነበሩ።

ማክሰኞ፣ ሊንግ ደሴት

ከኦባን በስተ ደቡብ ያለችው ሊንግ በጠባብ ባሕር ብቻ የተለየች ስለሆነች በትንሽ ጀልባ በጥቂት ደቂቃ ይደረስባታል። ቀድሞ የጣሪያ ድንጋይ የሚፈለጥባት ደሴት ነበረች። የካድዞ ወንድማማቾች በ1947 ገዝተዋት፣ የሃይላንድ ጊደሮችን ከሾርትሆርን ኮርማ ጋር በማዳቀል የሃይላንዱን ጥንካሬና የሾርትሆርኑን ሥጋ በአንድ እንስሳ ለማዋሐድ ሠሩ። ዲቃላውን ከዲቃላ ጋር እያራቡ፣ ያልሆነውን እየጣሉ ቆይተው፣ በ1965 የብሪታንያ መንግሥት እንደ ራሱ የቆመ ዝርያ ዕውቅና ሰጠው። ቀይ፣ ጠንካራና ረጋ ያለ ከብት ነው። አንድ ዝርያ ሲፈጠር ለማየት ከሺህ ዓመት በፊት መመለስ አያስፈልግም፤ አንዲት ደሴት፣ ሁለት ዘርና መጣልን የማይፈራ አርቢ ይበቃሉ።

ረቡዕ፣ ከግሌንኮ ወደ ስካይ

ዛሬ መንገዱን ሙሉ አብሮኝ የነበረው ብላክፌስ በግ ነው። ፊቱ ጥቁር ወይም ጥቁርና ነጭ ዝንጉርጉር፣ ወንዱም ሴቷም ባለቀንድ፣ ጠጉሩ ረጅምና ሻካራ ሆኖ እስከ መሬት የሚወርድ። የመንዝ ሰው ከሻካራው የበጉ ጠጉር ባና እንደሚሠራ ሁሉ የብላክፌስም ጠጉር የሚፈለገው ለገላ ሳይሆን ለምንጣፍና ለፍራሽ ነው። ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ዋጋው በመውደቁ በብዙ ቦታ የጠጉሩ ሽያጭ የሸላቹን ክፍያ እንኳ አይሸፍንም፤ የሚሸለተው ለበጉ ጤና ነው ማለት ይቻላል።

በግሌንኮ ገደላገደል ላይ አጥር አይታይም፤ በጎቹ ግን ከየራሳቸው ተራራ አይወጡም። እናቲቱ ግልገሏን ይዛ ስትግጥ ውኃው የት እንዳለ፣ ነፋስ ሲመጣ የት እንደሚጠለል፣ የግጦሹ ወሰን የት ላይ እንደሚያበቃ ታሳየዋለች፤ ግልገሉ አድጎ ለልጁ ያወርሳል። ይህ ዕውቀት ከመሬቱ ጋር የተሳሰረ በመሆኑ እርሻ ሲሸጥ በጎቹም ከተራራው ጋር አብረው መሸጣቸው የተለመደ ነው። በ2001 በአፍተግር ምክንያት መንጋቸው ያለቀባቸው የደጋ አርቢዎች አዲስ በግ ገዝተው ሲያሰማሩ ትልቁ ችግራቸው ዋጋው አልነበረም፤ የመጡት በጎች ተራራውን ስለማያውቁት ይበተኑ ስለነበር ለዓመታት በእረኛ መመለስ ነበረባቸው። የማይታይ ካብ ፈርሶ እንደገና እንደ መካብ ነው።

ማታ ስካይ ገብቼ ካይልሪያ ወደተባለው ጠባብ ወሽመጥ ወረድኩ። የስካይ ከብት ወደ ፎልከርክ ሲነዳ በዚህ ወሽመጥ በዋና ይሻገር ነበር። ውኃው ረጋ በሚልበት ሰዓት፣ የእያንዳንዷ ላም የታችኛው መንጋጋ በገመድ ታስሮ ገመዱ ከፊቷ ባለችው ላም ጅራት ላይ ይቋጠራል፤ የመጀመሪያዋን ጀልባ ይጎትታታል፤ ሌሎቹ ተከታትለው ይዋኛሉ። ምላሷ እንዳይታፈን ገመዱ ከምላሷ ሥር ያልፍ ነበር። ውኃው ምን ያህል እንደሚፈጥን በዓይኔ ሳይ፣ የነጂዎቹ ድፍረት ከከብቶቹ የሚበልጥ ሆኖ ታየኝ።

ዓርብ፣ ሃሪስ

በሃሪስ በየቤቱ ጓሮ ከቆመች አነስተኛ ክፍል ውስጥ የሸማኔ ዕቃ ድምፅ ይሰማል። የሃሪስ ትዊድ የሚባለው ጨርቅ በ1993 በወጣ ሕግ የተጠበቀ ነው፤ ሱፉ በውጨኛው ሄብሪዲስ ደሴቶች ተነክሮና ተፈትሎ፣ በደሴቶቹ ነዋሪዎች በገዛ ቤታቸው በእጅ ተሸምኖ፣ እዚያው መጠናቀቅ አለበት። ሕጉ ግን ሱፉ ከደሴቶቹ በጎች ይሁን አይልም፤ የሸማኔውን ኑሮ አጠረ እንጂ በጉን አላጠረም። አብዛኛው ሱፍ ቺቪየት ከሚባለው በግና ከመሰሎቹ የሚመጣ ነው።

የደሴቶቹ የራሳቸው የነበረው ጥቁሩ የሄብሪዲስ በግ፣ ብዙ ጊዜ አራት ቀንድ የሚያበቅለው፣ ታሪኩ ይገርማል። ትልልቆቹ ብላክፌስና ቺቪየት ሲመጡ በአገሩ ቦታ አጣ፤ ዘሩ የተረፈው የእንግሊዝ መኳንንት ለጌጥ ብለው በመናፈሻቸው ስላሰማሩት ነው፤ ወደ ስሙ አገር የተመለሰው ከዚያ በኋላ ነው።

ከሃሪስ ምዕራባዊ ኮረብታ ላይ ሰማዩ ሲጠራ የሴንት ኪልዳ ደሴቶች ከ60 ኪሎ ሜትር በላይ ርቀት ላይ ብቅ ይላሉ። በዚህ ወቅት ትንንሾቹ ጀልባዎች ስለማይሄዱ ከሩቅ ማየት ብቻ ነበር ዕድሌ። የመጨረሻዎቹ 36 ነዋሪዎች ኦገስት 29 ቀን 1930 ዋናዋን ደሴት ሂርታን ለቅቀው ሲወጡ በጎቻቸው አብረው ተወሰዱ፤ በ1932 ደግሞ የቢዩት ማርኪስ ከጎረቤቷ የሶአይ ደሴት 107 የሶአይ በጎች ወደ ባዶዋ ሂርታ አዛወሩ። እረኛም ሸላችም የሌላቸው የእነዚህ ትንንሽ ቡናማ በጎች ሕይወት ከ1985 ጀምሮ በተመራማሪዎች ለእያንዳንዱ በግ ለብቻው ይጠናል። ቁጥራቸው ይጨምርና ግጦሹ ሲያልቅ በአንድ የብርድ ወራት ከግማሽ በላይ ሊያልቁ ይችላሉ። በ2009 የታተመ ጥናት እንዳሳየው ብርዱ እየቀለለ በመሄዱ ቀድሞ ይሞቱ የነበሩ ደካማ ግልገሎች ስለሚተርፉ የበጎቹ አካል እያነሰ መጥቷል።

እሑድ፣ ሉዊስ

ሰንበት እዚህ በጥብቅ ስለሚከበር አብዛኛው ነገር ዝግ ነው፤ በጎች ብቻ መንገዱ ላይ ተኝተው ያመነዥካሉ። አርፌ ማስታወሻዬን አስተካከልኩ።

ሰኞ፣ ስትራዝኔቨር

በመርከብ ወደ ዋናው ምድር ተመልሼ በሰሜን ጫፍ ወዳለው የኔቨር ሸለቆ ገባሁ። እስካሁን ስለ በግ በፍቅር ስጽፍ ቆይቻለሁ፤ እዚህ ግን በግ የክስ ማስረጃ ነው። ከአሥራ ስምንተኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ ቺቪየት በግ ከደቡብ ድንበር ወደ ሰሜን ሲመጣ፣ ባለርስቶቹ ለአንድ ትልቅ በግ አርቢ የሚያከራዩት መሬት ከመቶ ጭሰኞች የበለጠ ኪራይ እንደሚያስገኝ አወቁ። በ1792 የሮስ አገር ሰዎች በሺህ የሚቆጠሩ በጎችን ሰብስበው ከአገራቸው ሊያስወጡ ቢነሡም ወታደር ተልኮ በተናቸው። በስትራዝኔቨር በ1814ና ከዚያም በኋላ የሰዘርላንድ ባለርስቶች ጭሰኞቻቸውን አስነሥተው ወደ ባሕሩ ዳር ገፏቸው፤ እንዳይመለሱም የቤታቸው የጣሪያ እንጨት ተቃጠለ። ይህንን ያስፈጸመው ፓትሪክ ሴላር ራሱ የመሬቱ ተከራይና በግ አርቢ ነበር፤ በ1816 ኢንቨርነስ ላይ ተከስሶ ነጻ ተለቀቀ።

ሮዛል የተባለችው መንደር ፍርስራሽ በዛፎች መካከል እስካሁን አለ፤ የቤቶቹ መሠረት፣ የማሳዎቹ ትልም ይታያል። እነዚያ ሰዎች ከብት ያረቡ ነበር፤ በሞቃቱ ወራት ሴቶችና ልጆች ላሞቹን ይዘው ወደ ከፍታው ግጦሽ ወጥተው ቅቤና አይብ ያዘጋጁ ነበር። ቺቪየት ሲገባ የሰው ብቻ ሳይሆን የአሮጌው ትንሽ በግና የጥቁሩ ላም ቦታም ተወሰደ። ስለ ነባር ዝርያ መጥፋት ሲነገር ጥፋቱ በገበያ ምርጫ እንደመጣ ተደርጎ ይቀርባል፤ በዚህ ሸለቆ ግን ዝርያውና ባለቤቱ በአንድ ትእዛዝ ነው የተባረሩት።

ረቡዕ፣ ኖርዝ ሮናልድሴይ

ይህቺ የኦርክኒ ደሴቶች ሰሜናዊ ጫፍ ደሴት ናት። ከኦርክኒ ዋና ከተማ ከከርክዎል በትንሽ አውሮፕላን ሲመጡ ከላይ የሚታየው ነገር ሁሉንም ይናገራል፤ ደሴቲቱን ዙሪያዋን የከበበ የድንጋይ ካብ፣ ከካቡ ውስጥ አረንጓዴ ማሳ፣ ከካቡ ውጭ ዓለትና ባሕር፣ በጎቹም ከውጭ።

ካቡ በ1832 የተካበ ሲሆን ርዝመቱ ወደ 20 ኪሎ ሜትር ይደርሳል። ዓላማው በጎቹን ማገት አልነበረም፤ ከማሳው ማባረር ነበር። ባለርስቱ ለከብትና ለእህል ያሰበውን መሬት እንዳይነኩ ወደ ባሕሩ ዳር ተጣሉ፤ እነርሱም የባሕር አረም እየበሉ ኖሩ። ዛሬ የቀን አኗኗራቸውን የሚወስነው ፀሐይ አይደለም። ባሕሩ ሲሸሽ፣ ሌሊትም ቢሆን፣ ወደ ዓለቱ ወርደው አረሙን ይበላሉ፤ ባሕሩ ሲሞላ ወጥተው ያመነዥካሉ። ከመንጋው ጋር ግማሽ ቀን ስቆይ ባሕሩ መሸሽ እንደጀመረ፣ ምንም ምልክት ያላየሁ ሲመስለኝ፣ ተኝተው የነበሩት ሁሉ አንድ ላይ ተነሥተው ወረዱ።

ከባሕር አረም የሚያገኙት መዳብ በጣም ትንሽ ስለሆነ ሰውነታቸው ያገኘውን ሁሉ አሟጥጦ መውሰድን ለምዷል። ለሌላው በግ ጤናማ የሆነው የየብስ ሣር ለእነዚህ በጎች የመዳብ መርዝ ሊሆንባቸው ይችላል። እናቶቹ ለመውለድና ግልገላቸውን ለማጥባት ከጸደይ እስከ ኦገስት ገደማ ወደ ካቡ ውስጥ ይገባሉ፤ አውራዎቹ ግን ከባሕሩ ዳር አይለዩም።

የመንጋው አስተዳደር የጋራ ነው። በ1839 የወጣው ደንብ የየቤቱን የበግ ብዛትና የካቡን ጥገና ግዴታ ለየነዋሪው ደልድሎ ነበር። ለመሸለትና ለመለየት ሲፈለግ የደሴቲቱ ሰው ሁሉ ተሰልፎ በጎቹን ከዳርቻው ወደ ድንጋይ በረት ይሰበስባል። ችግሩ ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ዛሬ ነዋሪው ስድሳ ገደማ ብቻ ነው፣ አብዛኛውም አዛውንት ነው። ማዕበል ካቡን ሲንድ በጎቹ ወደ ውስጥ ይገባሉ፤ ሲገቡም ይመረዛሉ፣ ከሌሎች በጎችም ጋር ይዳቀላሉ። ከ2016 ወዲህ በየዓመቱ ከሌላ አገር የሚመጡ በጎ ፈቃደኞች እየተሰበሰቡ የፈረሰውን ይክባሉ፤ የካቡ ጠባቂም ተቀጥሯል። የብርቅዬ ዝርያዎች ጥበቃ ተቋም ከተመሠረተ ከአንድ ዓመት በኋላ፣ በ1974፣ ሊንጋ ሆልም የተባለችውን ሌላ የኦርክኒ ደሴት ገዝቶ የእነዚህን በጎች ተጠባባቂ መንጋ ማስፈሩም ይህን አደጋ አይቶ ነው።

የፈረሰ ክፍል የሚክቡ አንድ አዛውንት አግኝቼ ጥቂት ድንጋይ አቀበልኳቸው። ስሚንቶ ለምን እንደማይጠቀሙ ብጠይቃቸው፣ በስሚንቶ የተያዘ ግንብ ማዕበሉን ፊት ለፊት ስለሚቀበል አንድ ጊዜ ከተሰበረ በሙሉ እንደሚወድቅ፣ ካቡ ግን ነፋሱንና ውኃውን በቀዳዳው እያሳለፈ እንደሚቆም አስረዱኝ። ከመብራት ቤቱ ግርጌ ባለችው አነስተኛ መፍተያ የበጎቹን ሱፍ ፈትለው ይሸጣሉ፤ ሥጋውም ለየት ያለ ጣዕሙን በሚያውቁ ምግብ ቤቶች ይፈለጋል። ይህ ገቢ ባይኖር ካቡን የሚክብ ሰው እዚህ የሚቀመጥበት ምክንያት አይኖርም ነበር።

ዓርብ፣ ሼትላንድ

የሼትላንድ በግ ትንሽ፣ ጅራቱ አጭር፣ ሱፉም ከብሪታንያ ነባር በጎች ሁሉ የላቀ ለስላሳ ነው። አሥራ አንድ ዋና ቀለምና ሠላሳ ዓይነት ዝንጉርጉርነት ይቆጠርለታል፤ ቀዩ ቡናማ፣ ዳለቻው፣ ጥቁሩ፣ ሆዱ የጠቆረው፣ ዓይኑ ዙሪያ ነጭ ክብ ያለው። ቀድሞ ሱፉ አይሸለትም ነበር፤ በሰኔ ገደማ አሮጌው ጠጉር ከአዲሱ ሲላቀቅ በእጅ ይነጫል። በሰሜናዊቷ የኧንስት ደሴት ሴቶች ከአንገቱ ሱፍ የሚሠሩት ዳንቴል በጋብቻ ቀለበት ውስጥ የሚያልፍ ስስ ነው።

የቀለሙ ብዛት ግን ጠላቱ ሆኖ ነበር። ነጭ ሱፍ በፈለጉት ቀለም ሊነከር ስለሚችል ነጋዴው ለነጩ የተሻለ ስለሚከፍል ባለቀለሞቹ እየቀነሱ ሄዱ። የዘር መዝገብ ማኅበሩ በ1927 ተቋቋመ፤ በ2011 ደግሞ በአገሩ ተወልዶ ያደገው በግ ሱፍ በመነሻ ስም የተጠበቀ ሆነ። ከሃሪሱ ሕግ የሚለየው በዚህ ነው፤ ይህኛው አጥር በጉን ራሱን ከውስጥ አድርጎ የተሠራ ነው።

ያስተናገዱኝ አነስተኛ አርቢ ጥቁርና ነጭ ቡሬ የሆነች የሼትላንድ ላምም ነበረቻቸው። ትንሽ ናት፣ ለወተትም ለጥጃም ትበቃለች፣ በሻካራ ሣር ትኖራለች፤ በሃያኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ከሌሎች ጋር በመዳቀል ልትጠፋ ተቃርባ ነበር። በጎቻቸውን በተመለከተ ግን ሒሳባቸው ቀላል አልነበረም። ንጹሕ የሼትላንድ ግልገል ትንሽ ስለሆነ በኪሎ በሚገዛ ገበያ ብዙ አያወጣም፤ ስለዚህ እንደ ብዙዎቹ ጎረቤቶቻቸው ከእናት በጎቻቸው ከፊሉን ለቺቪየት አውራ ሰጥተው የተቀሩትን ብቻ ለሼትላንድ አውራ ያስቀራሉ። አውራዎቹ ከመንጋው ጋር የሚቀላቀሉት በኖቬምበር ነው። ዘንድሮ ለየትኛው ስንት እንስት እንደሚሰጡ ገና አልወሰኑም ነበር፤ በሼትላንድ ዋና ከተማ በሌርዊክ ያለው ሱፍ ነጋዴ ለቡናማው የሚሰጠውን ዋጋና የመጨረሻውን የግልገል ሐራጅ ውጤት ይጠብቁ ነበር።